ሦስት ቅዳሜ በአንድ ድስት፦ የፑንጃብ የዶሮ ካሪ ማስታወሻ

የመጀመሪያው ቅዳሜ፣ ከቀኑ 10 ሰዓት

ይህን የምጽፈው ድስቱ ታጥቦ ገና ውሃው እየተንጠባጠበ ነው። ዛሬ የሠራሁት የሕንድ የዶሮ ካሪ አልሆነልኝም። ምን እንዳደረግሁ ዛሬውኑ ካልመዘገብኩት በሚቀጥለው ሳምንት ያንኑ እደግመዋለሁ።

ፍላጎቱ ያደረብኝ መሥሪያ ቤት ነው። በምሠራበት ፋብሪካ ከሉዲያና የመጣ የሹራብ ማሽን ባለሙያ አለ። ሉዲያና በሰሜን ሕንድ፣ በፑንጃብ ግዛት የምትገኝ፣ በሹራብ ምርቷ ስሟ የገነነ ከተማ ናት። ባለፈው ወር ምሳ ዕቃውን ከፈተና ከእኛ የተማረውን ጉርሻ ለእኔው መለሰልኝ። ዶሮው ከነአጥንቱ ነው። መረቁ ቀላ ያለ ቡናማ፣ ዳር ዳሩን ዘይት ያቀረረበት። የዶሮ ወጥ ዘመድ እንደሆነ ምላሴ ወዲያው አወቀ፤ የሚለያዩበትን ግን ማግኘት አልቻልኩም። ከዚያን ቀን ወዲህ ነገሩ ከሐሳቤ አልወጣም።

የዛሬው አሠራሬ እንዲህ ነበር። ግማሽ ኪሎ ቀይ ሽንኩርት ከትፌ፣ ልክ እንደ ወጥ ያለ ዘይት ውሃ ጠብ እያደረግሁ 50 ደቂቃ አቁላላሁ። ዘይት ጨመርኩ። ከሱፐርማርኬት የገዛሁትን ቢጫ የካሪ ዱቄት ሦስት የሾርባ ማንኪያ ነሰነስኩበት፤ ዶሮውን ከትቼ ውሃ አፈሰስኩ። የወጣው ጣፈጥ ያለ ቢጫ ወጥ ነው። ዶሮው ለብቻው፣ መረቁ ለብቻው። ዱቄቱ ሳይበስል ጉሮሮ ላይ ይቀራል። ቤተሰቡ በልቷል፤ ድገሙኝ ያለ ግን የለም።

እሑድ ማታ

ባልደረባዬ ሉዲያና ያሉትን እናቱን በቪዲዮ ስልክ አገናኘኝ። እርሱ «ቢጂ» ይላቸዋል፤ ፑንጃብ ውስጥ እናት ወይም አያት በአክብሮት የምትጠራበት ስም ነው። እኔም ቢጂ አልኳቸው። እርሳቸው በፑንጃብኛ ይናገራሉ፤ ልጃቸው ወደ እንግሊዝኛ እየመለሰ ያቀብለኛል።

የትናንቱን ድስት ፎቶ አሳየኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው ዝም ብለው አዩት። ስለ ቅመሙ ይጠይቁኛል ብዬ ስጠብቅ፦

«ልጄ፣ ቅመሙን ስትጨምሪ ሽንኩርቱ ምን መልክ ነበረው?» አሉ።

«ነጭ ነበር፤ ግን ሟሙቷል» አልኳቸው።

«እንግዲያው ገና አልጀመርሽም ነበር።»

ስለ ዱቄቱም ነገርኳቸው። በእርሳቸው ቤት የካሪ ዱቄት የሚባል ነገር ገብቶ አያውቅም። «ካሪ» ራሱ ከታሚል ቋንቋ ተወስዶ እንግሊዞች መረቅ ላለው የሕንድ ምግብ ሁሉ የሰጡት የወል ስም ነው። ተደባልቆ የተፈጨው ዱቄትም በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ለንደን ውስጥ ይሸጥ ነበር፤ ከሕንድ የተመለሱ እንግሊዛውያን የለመዱትን ጣዕም በአንድ ማንኪያ እንዲያገኙ። ቢጂ ግን ምግቡን የሚጠሩት በስሙ ነው፤ ዶሮው «ሙርግ»፣ መረቁ «ታሪ»። ቅመሞቹን ለየብቻ ያስቀምጣሉ፤ እያንዳንዱ ወደ ድስቱ የሚገባበት የራሱ ሰዓት አለውና። ሄልና ቅርንፉድ እንዳሉ ሳይፈጩ በትኩስ ዘይት፤ እርድና በርበሬ በመሃል፤ መዓዛው የሚተንነው መጨረሻ ላይ። ሁሉንም በአንድ ዱቄት ካሰሩት ያ ሰዓት ይጠፋል። ይህን ስሰማ ጉሮሮዬ ላይ የቀረው ምን እንደሆነ ገባኝ።

ረቡዕና ዓርብ ጾም ስለሆነ ቀጣዩ ሙከራ ለቅዳሜ ተቀጠረ።

ሐሙስ፣ ከሥራ መልስ፣ መርካቶ

በርበሬ በረንዳ። የቢጂን ዝርዝር ይዤ ገባሁ፤ የማላውቀው ነገር ከሁለት አልበለጠም። ሄል፣ ቅርንፉድ፣ ቀረፋ፣ ቁንዶ በርበሬ፣ ድምብላል፣ እርድ፣ ገውዝ፤ አብዛኛው የእማዬ የቅመም ሣጥን ውስጥ ያደገ ነው።

ነጋዴዋ በሄል ፈንታ ኮረሪማ ልትሰጠኝ ነበር። ዘመዳሞች ናቸው፤ ሁለቱም ከዝንጅብል ወገን ናቸው። ኮረሪማ ግን የእኛው አገር ተክል ነው፤ መዓዛውም ከበድ ይላል። ሄል የደቡብ ሕንድ ተራሮች ተወላጅ ነው፤ አረንጓዴው ቅርፊት ሲሰነጠቅ የሚወጣው ሽታ ቀለል ያለና ብርድ ብርድ የሚል ነው። ለዚህ ድስት ሄሉን ወሰድኩ።

ቢጂ የሚጠቀሙት የካሽሚር በርበሬ ብዙም አያቃጥልም፤ ሥራው መረቁን ማቅላት ነው። እርሱን አላገኘሁም። የማረቆ ዛላ በርበሬ ገዝቼ፣ ፍሬውን አራግፌ፣ ምንም ቅመም ሳይገባበት ለብቻው አስፈጨሁት። የቤቱን በርበሬ መጠቀም አይቻልም፤ እርሱ ራሱ ኮረሪማና በሶብላ የገባበት ሙሉ ቅመም ስለሆነ ድስቱን ወደ ዶሮ ወጥ ይጎትተዋል።

ከዝርዝሩ ላይ «ጂራ» የሚለውን ስልኬ «ነጭ አዝሙድ» ብሎ ተረጎመልኝ፤ ሩብ ኪሎ ገዛሁ።

ሁለተኛው ቅዳሜ

ዛሬ ሦስት ነገር ተበላሸ።

አንደኛው ነጭ አዝሙዱ ነው። ትኩስ ዘይት ውስጥ እንደገባ ቤቱ ጦስኝ ጦስኝ ሸተተ። ግራ ገባኝና ስልኩን ወደ ቢጂ አዞርኩ፤ ፍሬውን በካሜራው ፊት ይዤ አሳየኋቸው። ገና ሲያዩት አወቁት፦ «ይህ አጅዋይን ነው፤ እኔ ያልኩሽ ጂራ ነው።» ጂራ ማለት ከሙን ነው! ተርጓሚው አሳስቶኛል፤ እንደ እኔ የተሳሳተም ብዙ ሰው እንደሚኖር ስለምገምት በደንብ ልጻፈው፦ አጅዋይን ነጭ አዝሙድ ነው፤ ጂራ ከሙን ነው፤ ካሎንጂ ደግሞ ጥቁር አዝሙድ ነው። ነጭ አዝሙድና ጦስኝ ቲሞል የተባለውን መዓዛማ ንጥረ ነገር ይጋራሉ፤ ሽታቸው የተመሳሰለው ለዚህ ነው።

ሁለተኛው ሽንኩርቱ። ቡናማ ይሁን ስለተባልኩ እሳቱን ከፍ አድርጌ ሥራውን ላፋጥን ፈለግሁ። ዳሩ አረረ፣ መሃሉ ነጭ ቀረ። ያረረው ምሬት ደግሞ በምንም አይሸፈንም።

ሦስተኛው እርጎው። ከማቀዝቀዣ አውጥቼ የሚንተከተክ ድስት ውስጥ አፈሰስኩት፤ ተበጣጥሶ የአይብ ፍርፋሪ መሰለ። ዶሮውን ከመረቁ ለይተን በላን። መረቁን ደፋሁት። ምግብ መድፋት ሆዴን ያባባዋል፤ ሌሊቱን ሙሉ ከፊቴ አልጠፋም።

ማክሰኞ ማታ

የጋራም ማሳላ ምሽት። ጋራም ማለት ሞቃት፣ ማሳላ ማለት የቅመም ቅይጥ ነው። ከሙን አንድ የሾርባ ማንኪያ፣ ድምብላል ሁለት፣ ቁንዶ በርበሬ አንድ የሻይ ማንኪያ፣ ሄል 10፣ ቅርንፉድ 8፣ ሁለት የቀረፋ ስንጥር። በደረቅ መጥበሻ፣ በዝግታ እሳት አመስኳቸው፤ ድምብላሉ መጀመሪያ ተንጣጣ፣ ከሙኑ ተከተለ። መዓዛቸው እንደወጣ አወረድኩና ቀዝቅዘው በሙቀጫ ወቀጥኳቸው። መጨረሻ ላይ ገውዝ በትንሹ ፋቅ ፋቅ አደረግሁበት።

እማዬ ከሳሎን ሆና «መከለሻ ለምን ታዘጋጂያለሽ?» አለችኝ። ልክ ናት። ሥራቸው አንድ ነው፤ ወጡ በስሎ ሊወርድ ሲል የሚነሰነስ፣ ከእሳቱ ጋር ብዙ የማይቆይ። እርሷም በመከለሻዋ ውስጥ ቁንዶ በርበሬውን፣ ቅርንፉዱንና ቀረፋውን ታስገባለች፤ ሄሉ በኮረሪማ ይተካል። ቅዳሜ መጥታ እንድታየኝ ለመንኳት።

ሦስተኛው ቅዳሜ

ከጠዋቱ 3፡30። እማዬ ከእኔ በፊት ኩሽና ገብታለች። ቆዳው የተገፈፈውን ዶሮ በሎሚና በጨው እያሸች፣ ውሃው ኩል እስኪመስል ደጋግማ አጠበችው። ቢጂም ቆዳውን ግፈፊ ብለውኝ ነበር፤ በዚህ ሁለቱም ቤት አንድ ነው። እማዬ 12 ብልቱን ልታወጣ ስትል ታፋውን ለሁለት፣ ፈረሰኛውን ለሦስት አስቆረጥኳት፤ ትንንሽ መሆን አለበት። ክብደቱ 1.2 ኪሎ። አራት የሾርባ ማንኪያ የተመታ እርጎ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ግማሽ እርድ፣ ከተወቀጠው ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ግማሹን አሸሁበትና ሸፈንኩት። እርጎው በዚህ መንገድ ሲገባ አይበጣጠስም፤ ከሥጋው ጋር አብሮ ይሞቃል። ባለፈው ሳምንት የደፋሁት መረቅ መፍትሔው ይህን ያህል ቀላል ነበር።

5፡00። አንድ የቡና ሲኒ ዘይት። ሲሞቅ አራት ሄል፣ አራት ቅርንፉድ፣ የጣት ያህል ቀረፋ፣ ባልደረባዬ ያመጣልኝ ሁለት የቴጅ ፓታ ቅጠል። ቅጠሉን እማዬ አገላብጣ አየችው፤ ከላይ እስከ ታች ሦስት ጅማት አለው፣ ሽታው ቀረፋ ቀረፋ ይላል፤ ዛፉ የቀረፋ ዘመድ ነው። ሄሉ እንዳበጠ አንድ የሻይ ማንኪያ ከሙን ጨመርኩ፤ ወዲያው ተንጨረጨረ። ትክክለኛው ሽታ መጣ።

5፡02። አራት ቀይ ሽንኩርት፣ በስሱ የተከተፈ፣ ቁንጥር ጨው። እሳቱ መካከለኛ።

5፡14። ነጭና ለስላሳ። ውሃው እየወጣ ነው፤ ውሃው ካላለቀ ቀለሙ አይመጣም፤ ውሃ ያለበት ነገር ሙቀቱ ከፍላቱ አያልፍምና። በመጀመሪያው ቅዳሜ 50 ደቂቃ ሙሉ ውሃ ጠብ ሳደርግ የነበርኩት ይህ እንዳይመጣ ስከለክል ነበር ማለት ነው።

5፡22። ቢጫ። ዳሩ ወርቅማ ጀመረ።

5፡26። እማዬ ተነሣች። «እሳቱን ቀንሺ! ሽንኩርቱን ልታሳርሪው ነው!» ብላ እጇን ወደ ምድጃው ሰደደች። እውነቷን ነው፤ በእርሷ ዕድሜ ሙሉ ሽንኩርት ቡናማ ሲል ባለሙያዋ ተሳሳተች ማለት ነው። ቁሌት ሟሙቶ፣ ነጥቦ፣ ቀለሙን ከበርበሬው ነው የሚያገኘው። በዚያው ቅጽበት ስልኩ ላይ ያሉት ቢጂ ደግሞ እጃቸውን ያወዛውዛሉ፤ «ገና! ገና!»

በሁለቱ መካከል ቆምኩ።

ባልደረባዬ ከስልኩ ወዲያ የእናቱን ቃል ሲያስተላልፍ እዚያ ሥራው ምን እንደሚባል ነገረኝ። ሽንኩርቱንና ቅመሙን በዘይት እያገላበጡ እንዲህ ማብሰል «ብሁና» ይባላል አለ። ጆሮዬ ግን «ቡና» ብሎ ሰማው። ትርጉሙ ምንድን ነው ብዬ ጠየቅሁ። መቁላት ነው አለኝ።

ይህን ለእማዬ በአማርኛ ስነግራት እጇ ከምድጃው ተመለሰ። ቃሎቹ የሚዛመዱ አይመስለኝም፤ በአጋጣሚ ድምፃቸው ገጠመ እንጂ። ለእማዬ ግን ይህ በቂዋ ነበር። «ታዲያ ቡና መቁላት ነዋ!» አለችና ማማሰያውን ከእጄ ወሰደች።

ከዚያ በኋላ ያየሁትን በደንብ መጻፍ እፈልጋለሁ። እማዬ በሽንኩርቱ ላይ ጎንበስ ብላ፣ ልክ የቡና ምጣድ ፊት ተቀምጣ እንደምታደርገው፣ ዓይኗን ሳታነሣ ታገላብጥ ጀመር። ከድስቱ ዳር የሚጠቁረውን ቶሎ ወደ መሃል ትገፋለች፤ ከመሃል ያልደረሰውን ወደ ዳር ታወጣለች። ድምፁ ተለወጠ፤ ውሃ ያለው ጭስስታ ቀርቶ ደረቅና ቀጭን ሆነ። ቀለሙ ከወርቅማ ወደ ቀይ ቡናማ ሲያልፍ አንዱ ቁራጭ ከሌላው አይለይም፤ ሁሉም እኩል። እኔ ባለፈው ሳምንት ዳሩን አሳርሬ መሃሉን ያስቀረሁት በዚህ ጉድለት ነው። ሽታው ሲጣፍጥና ሊመር አንድ እርምጃ ሲቀረው እማዬ «አሁን!» አለች። በስልኩም ውስጥ ቢጂ በራሳቸው ቋንቋ አንድ ቃል ተናገሩ። ልጃቸው እስኪተረጉምልኝ አልጠበቅሁም።

5፡33። የቀረው ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል። አንድ ደቂቃ፤ ጥሬ ሽታው እስኪጠፋ።

5፡35። ሦስት የተፋቀ ቲማቲም፣ ከእርሱ ጋር አንድ የሾርባ ማንኪያ የድምብላል ዱቄት፣ ሁለት የሻይ ማንኪያ የማረቆ በርበሬ፣ ግማሽ እርድ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ከሙን። ዱቄቱ እንዳያር የቲማቲሙ ውሃ ይጠብቀዋል። ከዚያ ማገላበጥ፤ ሲይዝ ትኩስ ውሃ ጠብ፤ እንደገና ማገላበጥ። ይህ የእኛው ሥራ ነው፤ እጄ ሳያስበው ያውቀዋል። በርበሬም ሆነ ቲማቲም ሕንድ የገቡት ፖርቱጋሎች እ.ኤ.አ. በ1498 የሕንድ ወደብ ካሊከት ከደረሱ ወዲህ ከአሜሪካ ምድር ተሻግረው ነው፤ ከዚያ በፊት የሚያቃጥለው ቁንዶ በርበሬና የጥምዝ ዘመድ የሆነው ረጅሙ በርበሬ ነበር። እማዬ የጥምዝን ስም ስትሰማ ራሷን ነቀነቀች፤ እርሷ ዛሬም ትጠቀምበታለች።

5፡52። ዘይቱ ተለየ። በድስቱ ዳር ዙሪያውን ቀይ ክር መስሎ ቆመ፤ ቁሌቱ በማማሰያው ሲገፋ አንድ ላይ ይሄዳል። ቢጂ ደጋግመው የነገሩኝ ምልክት ይህ ነው። ቅመሙ እዚህ ላይ ካልበሰለ በኋላ በውሃ አይበስልም።

5፡54። ዶሮው ከነእርጎው። እሳቱ ከፍ ብሎ፣ ያለ ውሃ 8 ደቂቃ።

6፡02። ሁለት ኩባያ የፈላ ውሃ፣ ጨው፣ ክዳን፣ ዝግ ያለ እሳት። ቢጂ 25 ደቂቃ ይበቃል ብለዋል።

6፡28። አልበቃም። አጥንቱ አጠገብ ገና ጠንካራ ነው። ምክንያቱን ወዲያው አሰብኩት፦ ሉዲያና ከባሕር ወለል በላይ 250 ሜትር ገደማ ናት፤ እዚያ ውሃ የሚፈላው 99 ዲግሪ አካባቢ ነው። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍ ትላለች፤ እዚህ ውሃው ገና 92 ላይ ይፈላል። ያው ፍላት፣ ያነሰ ሙቀት። ከሕንድ የተላከ የማብሰያ ደቂቃ ሁሉ እኛ ጋ ሲደርስ ይረዝማል። ይህ የእርባታ ዶሮ ነው፤ የሐበሻ ዶሮ ቢሆን ከአንድ ሰዓት በላይ በጠየቀኝ ነበር።

6፡44። በቃ። አንድ የሻይ ማንኪያ የማክሰኞው ጋራም ማሳላ። ከዚያ ካሱሪ ሜቲ፤ ይህ የደረቀ የአብሽ ቅጠል ነው፤ ስሙን ያገኘው ዛሬ በፓኪስታን ፑንጃብ ከምትገኘው ካሱር ከተማ ነው። እኛ ፍሬውን እንጂ ቅጠሉን ለወጥ አናውለውም። ቢጂ እንዳሳዩኝ በሁለት መዳፌ መሃል አሽቼ በተንኩት፤ መራርና ጣፋጭ የሆነ የድርቆሽ ሽታ ከመዳፌ ተነሣ። ከምሳ ዕቃው ሸትቶኝ ስም ያጣሁለት ሽታ ይህ ነበር። ክዳኑን ገጠምኩና 10 ደቂቃ አሳረፍኩት።

7፡00። ባልደረባዬ ደረሰ። የባስማቲ ሩዙን ግማሽ ሰዓት ዘፍዝፌ ቀቅዬ ነበር፤ እማዬ ለራሷ እንጀራ አመጣች። የመጀመሪያዎቹን ጉርሻዎች ማንም አልተናገረም። መረቁ ሥጋው ውስጥ ገብቷል፤ ሽንኩርቱ የት እንዳለ አይታወቅም፤ ጣፋጭነቱ ግን ከታች ይሰማል፣ በላዩ የቲማቲሙ ኮምጣጣነት፣ ከኋላ የሄሉ ቅዝቃዜ። በርበሬው አያቃጥልም፤ ያሞቃል። ባልደረባዬ አጥንቱን ይዞ እስከ መጨረሻው ጋጠው፤ ከዚያ ስልኩን ወደ ድስቱ አዞረ።

ቢጂ ድስቱን ከላይ ሳይሆን ከዳር እንዲያሳያቸው አዘዙት። ቀዩ ዘይት ዙሪያውን ቆሟል። ረጅም ነገር ተናገሩ፤ ልጃቸው ግን የተረጎመልኝ አጭሩን ነው፦ «ሽንኩርቱን የቆላችው ማን እንደሆነች ጠይቁልኝ።»

«እኔ ነኝ በሏቸው» አለች እማዬ፣ እጇ ገና በእንጀራው ላይ እያለ።

እሑድ

አድሮ በልጧል። ጠዋት ስከፍተው መረቁ ወፈር ብሎ ቀለሙ ጠልቋል። ለሚቀጥለው ጊዜ፦ ጨው ሩብ የሻይ ማንኪያ ይቀነስ፤ ቲማቲሙ ኮምጣጣ ከሆነ ሁለት ተኩል ይበቃል፤ ቀረፋው ከግማሽ ጣት አይበልጥ፣ ያሸንፋል። የፑንጃብ ሰዎች የሚወዱትን የሰናፍጭ ዘይት ባገኝ እሞክረዋለሁ። እርሱ መጀመሪያ እስኪጨስ ሞቆ፣ በረድ ብሎ ነው ሽንኩርት የሚገባበት።

ማታ ባልደረባዬ መልእክት አስተላለፈልኝ። ቢጂ አንድ ነገር እንቅልፍ ነስቷቸዋል፤ ያለ ጠብታ ዘይት ሽንኩርት ሳያር እንዴት ይቁላላል? በዓይናቸው ካላዩ አያምኑም። በሚመጣው ቅዳሜ በስልክ ይመለከታሉ። እማዬ ሦስት ኪሎ ቀይ ሽንኩርት ገዝቼ እንድጠብቃት አዛኛለች፤ ስልኩ የሚቆምበትንም ቦታ ከወዲሁ ከምድጃው አጠገብ አሳይታኛለች።